በስትሮ መተንፈስ ሕክምና ነው ወይ?

ጥያቄ፦ «ታናሽ ወንድሜ 27 ዓመቱ ነው። ባለፈው ዓመት ከሜክሲኮ ወደ መገናኛ በታክሲ ሲመጣ ድንገት ልቡ መምታት ጀመረ። ትንፋሽ አጠረው፤ እጁ ደነዘዘ፤ ‹ሞትኩ› ብሎ ወረደ። ድንገተኛ ክፍል ወሰድነው። የልብም፣ የደምም፣ የታይሮይድም ምርመራው ደህና ነው ተባለ። ‹ምንም የለብህም› ብለው መለሱት። ከዚያ ወዲህ ግን ይደጋገምበታል። አሁን ታክሲ አይሳፈርም፤ ቅዳሴ አይቆምም፤ ቡና እርም ብሏል። የአእምሮ ሐኪም ሰርትራሊን አዘዘለትና ወደ ሳይኮሎጂስት ላከው። ሁለቱ ቀጠሮ ወሬ ብቻ ነበር። በሦስተኛው ባለሙያዋ አፍንጫውን አስይዛ በቀጭን ስትሮ አስተነፈሰችው፤ ደረጃ አስሮጠችው። ልጁ እየተንቀጠቀጠ መጣ። አጎታችን ‹የፈረንጅ ነገር ነው› ይላል። እናታችን ‹ጸበል ይሂድ› ትላለች። እኔ ግራ ገባኝ። መድኃኒቱን እየዋጠ ለወሬ መክፈል ለምን ያስፈልጋል? ስትሮውስ ሕክምና ነው?»

መልስ፦ እህቴ፣ አንቺ እያልኩ ብጽፍልሽ ቅር አይበልሽ።

አዎ፣ ስትሮው ሕክምና ነው። እንዲያውም ከሦስቱ ቀጠሮዎች እኔን ደስ ያለኝ ሦስተኛው ነው። እየተንቀጠቀጠ መምጣቱም አላስደነገጠኝም። ቅር ያለኝ ለምን እንደተደረገ ሳይገባው ወደ ቤት መመለሱ ነው። ወይ በቅጡ አልተነገረውም፣ ወይ ተነግሮት ፍርሃቱ አስረስቶታል። እዚህ ላስረዳና እሱም ያንብበው።

መጀመሪያ ያችን «ምንም የለብህም» የምትለዋን ነገር እናንሳ። ድንገተኛ ክፍል ያዩት ሐኪሞች ሊሉት የፈለጉት «ልብህ አልታመመም» ነው። ይሄ ትልቅ የምሥራች ነው። እሱ የሰማው ግን ወይ «ታስመስላለህ» ነው፣ ወይ «በሽታህን አላገኘነውም» ነው። ሁለተኛው ይብሳል። በሽታዬ አልተገኘም ያለ ሰው ኢሲጂውን፣ ማለት የልብ ምርመራ ወረቀቱን፣ በፌስታል ይዞ ከክሊኒክ ክሊኒክ ሲዞር ይከርማል። ወንድምሽ በጻፍሽው መሠረት ያለበት ፓኒክ የሚባለው ድንገተኛ የፍርሃት ሕመም ይመስላል። ስም አለው፤ ምልክቱ ይታወቃል፤ በደንብ ይታከማል። እንደ ዓለም ጤና ድርጅት ግምት በ2019 በልዩ ልዩ የጭንቀት ሕመሞች የተያዘው ሰው 301 ሚሊዮን ነበር። ፓኒክ ከእነሱ አንዱ ነው። ዓመቶቹን በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው።

ሰውነታችን አደጋ የመጣ ሲመስለው አድሬናሊን ይለቃል። ልብ ይፈጥናል፤ ትንፋሽ ይቆራረጣል፤ ጡንቻ ይወጠራል። ፓኒክ ላይ ይሄ ሁሉ የሚሆነው አደጋው ሳይኖር ነው። ሌሊት የቆመ መኪና ላይ ድመት ዘላ አላርሙ ሰፈሩን ሲቀሰቅሰው ሰምተሽ ይሆናል፤ እንደዚያ ነው። አላርሙ ደህና ነው፤ ሌባ ግን የለም። ትንፋሽ ከሚያስፈልገው በላይ ሲፈጥን ደግሞ ደም ውስጥ ያለው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ይቀንሳል። የጣትና የከንፈር መደንዘዝ፣ ማዞር፣ «አየር አጠረኝ» ማለት በአብዛኛው ከዚህ ይመጣል። አየር አላጠረውም እኮ፤ ከልክ በላይ እየተነፈሰ ነው። ፍርሃቱ ጫፍ የሚደርሰው በደቂቃዎች ውስጥ ነው፤ ብዙውን ጊዜ ከ10 ደቂቃ አይበልጥም። ከዚያ ማንም ምንም ሳያደርግለት መውረድ ይጀምራል።

በ1986 ዴቪድ ክላርክ የሚባል እንግሊዛዊ ሳይኮሎጂስት አንድ ሐሳብ ጻፈ። ሰውየውን የሚያስጨንቀው የልብ ምቱ ራሱ ሳይሆን ለምቱ የሚሰጠው ፍቺ ነው አለ። ልብ ደረጃ ስንወጣም ይመታል፤ ቡና ስንጠጣም፣ ስንናደድም። ወንድምሽ ግን ምቱ ሲሰማው «ልቤ ሊቆም ነው» ይላል። ይሄ ሐሳብ ማንንም ያስፈራል። ፍርሃቱ አድሬናሊን ይጨምራል፤ ልቡም የባሰ ይመታል። «ይኸው፣ አላልኩም?» ይላል። በሰከንዶች ውስጥ ተጠምጥሞ ይይዘዋል።

አሁን ታክሲው ውስጥ እንግባ። የኋላ ወንበር ላይ አራት ሰው ተጣቧል። አንዲት እናት «ንፋስ ይመታኛል» ብለው መስኮቱን ዘግተዋል። ኡራኤል ጋ መንገዱ ቆሟል። ልቡ ይመታል። ላብ ያጠምቀዋል። «ወራጅ አለ!» ብሎ ሰው እየረገጠ ይወርዳል። አስፋልት ዳር ቆሞ ሁለት ደቂቃ ሲተነፍስ ይቀለዋል። ሕመሙን ሥር የሚያስይዘው ያ እፎይታ ነው። አእምሮው «ወርጄ ነው የተረፍኩት፤ ባልወርድ ሞቼ ነበር» ብሎ ይመዘግባል። በሚቀጥለው በር አጠገብ ካልሆነ አይቀመጥም። ቀጥሎ ውሃ ካልያዘ አይወጣም። ቀጥሎ ስልክሽን ደውሎ እያወራሽ ካልሆነ አይሳፈርም። መጨረሻ ላይ ጭራሽ አይሳፈርም። ቅዳሴውም እንደዚሁ ነው፤ ሕዝብ ዙሪያውን ሲሞላ መውጫ የለም። ቡናውም እንደዚሁ፤ ልብ ያስመታል። የተዋቸውን ነገሮች ደርድሪና እይ፤ ሁሉም ወይ ልብን የሚያስመቱ ናቸው፣ ወይ ቶሎ የማይወጣባቸው።

ታዲያ እንዲህ ላለ ሰው ምክር ምን ይሠራል? «አይዞህ»፣ «አታስብ»፣ «ወንድ አይደለህ እንዴ» ተብሏል። አንቺም ብለሻል፣ አጎታችሁም ብሏል። ቢሠራ ኖሮ እስካሁን ይድን ነበር። ልቡ እንደማይቆም በቃል ነግረሽው አያምንም። በገዛ ሰውነቱ ሊያየው ይገባል። ስትሮው የመጣው ለዚህ ነው።

እኔ ዘንድ ይህ ሲሠራ ምን እንደሚመስል ልንገርሽ። ከመጀመራችን በፊት ወረቀት ላይ አጽፈዋለሁ፦ «ምን ይሆናል ብለህ ትፈራለህ?» አብዛኛው ሰው «ራሴን ስቼ እወድቃለሁ» ይላል። «ከመቶ ስንት እርግጠኛ ነህ?» «ዘጠና።» እሺ። አፍንጫውን ይይዛል፤ በቀጭኑ ስትሮ ብቻ አንድ ደቂቃ ይተነፍሳል። አንዳንዱ በ20 ሰከንድ ስትሮውን ይወረውራል። ችግር የለም፣ እንደገና እንጀምራለን። ልቡ ይመታል፣ ፊቱ ይግላል፣ ዓይኑ ይፈጣል። ታክሲ ውስጥ የሚመጣው ስሜት ቁርጥ ራሱ መጣ። ግን እዚህ ወራጅ የለም። ውሃ አልሰጠውም። እጁንም አልይዘውም። ዝም ብዬ ሰዓቴን አያለሁ። ከዚያ እንጽፋለን። ወደቅክ? አልወደቅኩም። ስሜቱ የት ደረሰ? እየወረደ ነው። እንደገና። ሦስተኛው ወይም አራተኛው ላይ ብዙ ሰው መሳቅ ይጀምራል። ዘጠና ያለው ወደ ሠላሳ ይወርዳል። አንድ ነገር ልጨምር፤ ይሄን በራሳችሁ ቤት አትሞክሩት። የልብ ሕመም፣ አስም፣ የሚጥል በሽታ ያለበት ሰውና ነፍሰ ጡር ሴት ሐኪማቸው ሳያይ አይሠሩትም። ወንድምሽ ምርመራው አስቀድሞ ማለቁ የጠቀመው እዚህ ላይ ነው።

ከቢሮው ቀጥሎ ሥራው መንገድ ላይ ነው። መጀመሪያ ተራ የሚጠብቅ ታክሲ ውስጥ ገብቶ መቀመጥ ሊሆን ይችላል። ቀጥሎ አጭር መንገድ፣ ጋቢና። ቀጥሎ የኋላ ወንበር። ቀጥሎ ከሥራ መውጫ ሰዓት ላይ፣ መስኮት ተዘግቶ፣ ውሃ ሳይያዝ፣ ስልክ ሳይደወል። ሕጉ አንድ ነው፦ ፍርሃቱ ጫፍ ላይ እያለ አይወረድም። ከመጨረሻዎቹ ልምምዶች አንዱ ደግሞ ጥሩ አቦል ጠጥቶ ወዲያው መሳፈር ነው። ይሄኛውን እወደዋለሁ። ቡና እርም ያለ ሐበሻ ሲመለስ ቤቱ ሁሉ ነው የሚደሰተው።

የመጀመሪያዎቹ ሁለት ቀጠሮዎች ታዲያ የባከኑ ነበሩ ወይ? አይደሉም። ባለሙያዋ መጀመሪያ መቼ እንደጀመረው፣ በዚያች ቅጽበት ምን እንዳሰበ፣ ለመዳን ብሎ ምን እንደሚያደርግ ማወቅ አለባት። ብዙ ጊዜ ቤተሰብ ውስጥ በድንገት የሞተ ሰው ይኖራል። አንዳንዴ ጫት ይኖራል፤ ለእህት የማይነገር ጫት። ይሄ ሳይታወቅ ስትሮ ማስያዝ ትርፉ ማስደንገጥ ነው።

ወደ መድኃኒቱ ልምጣ። ሰርትራሊን ጥሩ መድኃኒት ነው፤ ለፓኒክም ይሠራል። ለውጡ እስኪታይ ግን ሳምንታት ይወስዳል። በመጀመሪያዎቹ ቀናት መረበሽን ትንሽ ሊያባብስ ስለሚችል ሰው «ጎዳኝ» ብሎ ይጥለዋል። ከሐኪሙ ሳይመካከር በድንገት አያቁም። ከተሻለውም በኋላ ለወራት መቀጠሉ የተለመደ ነው። ከዚህ ይልቅ የሚያሳስበኝ ጎረቤት የሚያቀብለው ዲያዜፓም ነው። ወዲያው ያረጋጋል፤ ስለዚህ ይወደዳል፤ ሲውል ሲያድር ያለሱ መውጣት ያቅታል። ኪሱ ውስጥ ያለች ክኒን ደግሞ ያው በር አጠገብ ያለ ወንበር ማለት ናት። ባይውጣትም «እሷ ባትኖር ኖሮ» ይላል። እየወሰደ ከሆነ ግን በሐኪም ቀስ ተብሎ ይቀነስ እንጂ በአንድ ቀን አይጣል።

«መድኃኒቱ ካለ ወሬው ለምን?» ላልሽው አንድ ጥናት ልጥቀስ። በ2000 ዴቪድ ባርሎውና ባልደረቦቹ ጃማ በተባለው የአሜሪካ የሕክምና መጽሔት ላይ ያወጡት ነው። ፓኒክ ያለባቸውን 312 ሰዎች ከፋፍለው ለአንዳንዱ ኢሚፕራሚን የሚባል መድኃኒት፣ ለአንዳንዱ አሁን የነገርኩሽን ዓይነት ሕክምና፣ ለአንዳንዱ ሁለቱንም፣ ለሌላው የማስመሰያ ክኒን ሰጡ። ሕክምናው እስካለ ድረስ መድኃኒቱም ልምምዱም ሠሩ። ሁሉም ነገር ቆሞ ስድስት ወር ሲያልፍ ግን ያለ መድኃኒቱ ልምምዱን የሠሩት ሰዎች ውጤታቸውን በተሻለ ይዘው ተገኙ። ስለዚህ ወንድምሽ ክኒኑን ይጣል አልልም። የሐኪሙን ትእዛዝ ይከተል። ግን ክኒኑ ታክሲ መሳፈር አያስተምረውም።

ሳይኮቴራፒ፣ ማለት በንግግርና በልምምድ የሚሰጠው ሕክምና፣ ለሁሉም ሕመም አንድ ዓይነት ነገር አይደለም። ሰው በፊልም የሚያየው ሶፋ ላይ ተጋድሞ ስለ ልጅነት ማውራትን ነው። እሱ ንግግርን ሕክምና ካደረገው ከሐኪሙ ከፍሮይድ ዘመን፣ ከቪየና ከተማ የመጣ መልክ ነው። በ1960ዎቹ ፊላደልፊያ ውስጥ አሮን ቤክ የሚባል ሳይካትሪስት፣ እሱ ራሱ በፍሮይድ መንገድ የሠለጠነ፣ የድባቴ ሕሙማኑ በየደቂቃው ስለ ራሳቸው የሚያስቡትን ክፉ ሐሳብ አብሯቸው መመርመር ጀመረ። ዛሬ በብዛት የሚሠራበት ከዚያ የወጣው ነው። ለድባቴ ከአልጋ ተነስቶ የተተወውን ኑሮ በትንንሹ መጀመር ይሠራል። ለከባድ መከራ ትዝታ ሌላ መንገድ አለ። ስኪዞፍሬንያና ባይፖላር የሚባሉት ከባድ የአእምሮ ሕመሞች ላይ ግን መድኃኒቱ ይቀድማል፤ ንግግሩ ይደግፈዋል እንጂ አይተካውም። «ያለ መድኃኒት በምክር ብቻ እናድናለን» የሚል ማስታወቂያ ካየሽ እለፊው።

አጎታችሁ «የፈረንጅ ነገር» ያለው ከታሪኩ አንጻር ግማሹ እውነት ነው። ግማሹን ግን ዚምባብዌ ሄዶ ይጠይቅ። ሐራሬ ውስጥ ዲክሰን ቺባንዳ የሚባል ሳይካትሪስት በ2006 አካባቢ ሕሙማን ሞልተው ባለሙያ ሲያጣ የሰፈር እናቶችን ሰብስቦ አሠለጠነ። በጤና ጣቢያው ግቢ አግዳሚ ወንበር ተደረገ። እዚያ ላይ አንዲት ሴት አያት ከሕሙሙ ጋር ተቀምጣ ችግሮቹን ታስዘረዝረዋለች፤ አንዱን ታስመርጠዋለች፤ እስከሚቀጥለው ሳምንት ሊያደርገው የሚችለውን አንድ ነገር ያወጣል። በ2016 የወጣው ጥናት በ24 ጤና ጣቢያዎች 573 ሰዎችን ተከታትሏል። ከስድስት ወር በኋላ አሁንም የድባቴ ምልክት ያለበት ሰው ወንበሩ ላይ ከተቀመጡት 13.7 ከመቶ ነበር፤ የተለመደውን ሕክምና ከተሻለ ክትትል ጋር ካገኙት 49.9 ከመቶ። የአገሩ ሰዎች ሾናዎች ሕመሙን «አብዝቶ ማሰብ» በሚል ስም ነው የሚጠሩት። እኛስ «ሐሳብ ያበዛል» አይደል የምንለው? ከዚያ በፊትም በ2003 በታተመ ጥናት በደቡብ ኡጋንዳ ገጠር 30 መንደሮች ውስጥ የአካባቢው ሰዎች ለ16 ሳምንት የቡድን ሕክምና መርተዋል። በመጨረሻ የድባቴን መስፈርት ያሟላው 6.5 ከመቶ ብቻ ሲሆን ሕክምናው ካልደረሳቸው መንደሮች 54.7 ከመቶ ነበር። እነዚህ ሁለቱ የድባቴ እንጂ የፓኒክ ጥናቶች እንዳልሆኑ ልብ በይልኝ። ያመጣኋቸው አፍሪካዊ እናት በወንበር ላይ ልትሠራው እንደምትችል ለአጎትሽ ለማሳየት ነው።

እናታችሁን አትከራከሯቸው። ጸበል ይሂድ። አብሯቸው ይሂድ። እኔ የምለው ሁለት ነገር ብቻ ነው። አንደኛ፣ «ጸበልና መድኃኒት አይስማማም» የሚል ሰው ቢገጥማችሁ መድኃኒቱ አይቋረጥ፤ ጾም ካለ ሰዓቱን ከሐኪሙ ጋር አስማሙት። ሁለተኛ፣ ጸበሉ ከልምምዱ ማምለጫ አይሁን። እንዲያውም ሰልፉም ግፊያውም ለእሱ ልምምድ ነው። በታክሲ ከሄደማ እሰየው። ቅዳሴውንም መጀመሪያ ከውጭ ቅጽሩ ላይ፣ ቀስ በቀስ ወደ ውስጥ፣ መጨረሻ መሃል ሕዝብ ላይ ቆሞ ማስቀደስ ይችላል።

አንቺም የሥራ ድርሻ አለሽ፤ እሱም ከባድ ነው። ሲደውልልሽ «ምንም አትሆንም» ማለት አቁሚ። የልብ ምቱን አትቁጠሪለት። ጨካኝ የሆንሽ ይመስልሻል። ግን እያንዳንዱ ማባበል አንድ ተጨማሪ «እህቴ ባትኖር ኖሮ» ነው። ይልቅ «ስሜቱ መጥቷል ማለት ነው። ባለሙያዋ ምን አድርግ አለችህ?» በይው። በአንድ ቀን ሁሉን አትቁረጪበት፤ ከእሱ ጋር ተስማምታችሁ ቀንሱ።

ስለ ክፍያው። ለፓኒክ እንዲህ ያለ ሕክምና በአብዛኛው ከ10 እስከ 15 ቀጠሮ ውስጥ ያልቃል። ዓመት ሙሉ የሚከፈልበት አይደለም። በግል ውድ ከሆነ ሐኪሙ ወደ መንግሥት ሆስፒታል የሥነ ልቦና ክፍል ሪፈር ይጻፍላችሁ። ዱሮ አማኑኤል ብቻ ነበር ሰው የሚያውቀው፤ አሁን የአእምሮ ክፍል ያላቸው ሌሎች ሆስፒታሎችም አሉ። ወይም ቀጠሮው በየሁለት ሳምንቱ ይሁን፤ መሃል ያለውን ልምምድ ግን ሳያጓድል ይሥራ። ልምምዱን የማይሠራ ሰው በየቀኑ ቢመጣም ብሩን ነው የሚጨርሰው።

ባለሙያዋን ለመመዘን ሦስት ቀጠሮ ያንሳል፤ ለመጠየቅ ግን አያንስም። «ወዴት እየሄድን ነው? እስከ ስንት ቀጠሮ? በዚህ ሳምንት ምን ልሥራ?» ብሎ ይጠይቃት። ጥሩ ባለሙያ ጥያቄው ደስ ይላታል። ትቆጣለች ወይ ትሸፋፍናለች እንበል፤ ያኔ ሌላ ፈልጉ። ሰዓቱን በስብከት የሚጨርስ፣ የሌላ ታካሚ ገመና የሚያወራ፣ የሐኪምን መድኃኒት በራሱ ሥልጣን የሚያስቆም፣ ወይም ከሙያው ያለፈ መቀራረብ የሚሞክር ሰው ጋ ግን አንድ ቀንም አትመለሱ።

ሳትዘገዩ ሐኪም ቤት መሄድ ያለባችሁም ጊዜ አለ። እንደ ቀድሞው ያልሆነ፣ ሲሠራ ወይም ሲሮጥ ብቻ የሚመጣ የደረት ሕመም ካለ፣ በእርግጥ ራሱን ስቶ ከወደቀ፣ ለመረጋጋት ብሎ መጠጥ ከጀመረ። «መኖር ሰለቸኝ»፣ «ብሞት ይሻል ነበር» ካለ ደግሞ ቀጠሮ አትጠብቁ። በዚያው ቀን ድንገተኛ ክፍል ውሰዱት፤ ብቻውንም አትተዉት።

ለሚቀጥለው ቀጠሮ እሱ ከፈቀደ አብረሽው ግቢና ስለ ስትሮውም ስለ ስልኩም ባለሙያዋን ራሷን ጠይቂ። አብራችሁ ግን አትሂዱ። እሱ በታክሲው ይምጣ፤ አንቺ እዚያው ጠብቂው።